ፍየሏ የታረደችበት ዘመን

ከቢቸና ወደ ጮቄ ተራራ አቅጣጫ ወጣ ብሎ፣ ስሟን የማልጠራት አንዲት ደብር አለች። የማልጠራት የብራና ሌባም ማንበብ ስለሚችል ነው። በንግሧ ዕለት፣ ከዝክሩ በኋላ፣ ደጀ ሰላሙ ሥር ጠላ እየተጠጣ ሳለ ወሬው እንደ ልማዱ ወደ ትልቁ ወንጌል ዞረ። አንዱ «ከአብርሃ ወአጽብሐ ዘመን የመጣ ነው» አለ። ሌላው «የለም፤ ግራኝ ሲነሣ ከወሎ የሸሸ ነው» አለ። ሦስተኛው ሁለቱም እንደሚዋሹ በእርግጠኝነት ተናገረ፤ የራሱን ግን አልነገረንም።

እኔ ደብረ ማርቆስ ፊዚክስ አስተምራለሁና አፌ አላርፍ አለኝ። «ዕድሜውን የሚናገር መሣሪያ እኮ አለ። የሚፈልገው የጥፍር ቁራጭ የምታክል ብራና ብቻ ነው» አልኩ። ሰዉ ጸጥ አለ። ከወንጌል ላይ ቁራጭ! አንድ ዲያቆን ጭራሽ ከአጠገቤ ፈቀቅ ያለ መሰለኝ።

መልስ የሰጡኝ የኔታ ብቻ ናቸው። ልጅ ሳለሁ ዳዊት ያስደገሙኝ፣ ቅኔ ዋሸራ የተማሩ፣ ዐይናቸው እስኪደክም ብራና ሲፍቁና ሲጽፉ የኖሩ ሰው ናቸው። «በምን ያውቀዋል?» አሉኝ። ሣሩን፣ ፍየሏን፣ በቆዳዋ ውስጥ ቀስ በቀስ ስለሚያልቀው የካርቦን ዓይነት በአጭሩ ነገርኳቸው። እስከ መጨረሻው ሰሙኝና «እንግዲያ ፍየሏ የታረደችበትን ነው እንጂ መጽሐፉ የተጻፈበትን አይነግራችሁም» አሉ። ከዚያ ዋንጫቸውን አነሡ፤ ወሬውም ወደ ማዳበሪያ ዋጋ አለፈ።

እኔ ግን ማለፍ አልቻልኩም። ካርቦን መለካትን ስንት ጊዜ ክፍል ውስጥ አስተምሬ ይህን ነጥብ እንዲህ ባጠረ ቃል የሰማሁት ከአንድ የብራና ጸሐፊ ነው። ከመጠምጠም መማር ይቅደም የሚለውን ተረት ሁልጊዜ የምንተርተው በሌላ ሰው ላይ ነው።

ከሰማይ የወረደው ካርቦን

ነገርን ከሥሩ፣ ውሃን ከጥሩ ይባላል። የዚህ ነገር ሥር ያለው ደግሞ ከምድር ውጭ ነው። በጠፈር ውስጥ የፈነዱ ከዋክብት ትተውት የሚሄዱት ማዕበል ፕሮቶኖችን ይዞ እያላጋ ከብርሃን ፍጥነት ጥቂት እስኪቀራቸው ድረስ ያፋጥናቸዋል። ተፈጥሮ ራሷ የቅንጣት ማፋጠኛ፣ ማለትም አክስለሬተር፣ አላት ማለት ነው፤ ያለ መሐንዲስና ያለ በጀት የሚሠራ። እነዚያ ቅንጣቶች ከአየራችን ጋር ሲጋጩ ኒውትሮን ያፈናጥራሉ፤ ኒውትሮኑ ናይትሮጅንን ይመታል፤ ናይትሮጅኑ ካርቦን 14 ይሆናል፤ ቀስ በቀስ የሚያልቀው የካርቦን ዓይነት ያልኩት ይህ ነው። ካርቦን 14 ከአየር ወደ ሣር፣ ከሣር ወደ ፍየል ይገባል። ፍየሏ ስትታረድ መግባቱ ያቆማል፤ የገባው ግን መመናመኑን ይቀጥላል። በ5,730 ዓመት ውስጥ ግማሹ ይጠፋል።

ይህን ሁሉ ያወቅነው በሌላ አክስለሬተር ነው። ኧርነስት ሎውረንስ እ.ኤ.አ. በ1931 በካሊፎርኒያ በርክሌይ የሠራው የመጀመሪያው ሳይክሎትሮን የአንድ ጎልማሳ መዳፍ ላይ የሚያርፍ ነበር፤ ስፋቱ 11 ሴንቲ ሜትር ገደማ። ሐሳቡ ቀላል ነው፤ እንዲህ ቀላል መሆኑ ሁልጊዜ ያስቀናኛል። ፕሮቶኑን በአንድ ጊዜ በትልቅ ቮልቴጅ ከመግፋት ይልቅ በማግኔት ክብ እያዞሩ በየግማሽ ዙሩ ጥቂት ጥቂት መግፋት ነው። ያ መዳፍ የሚያክል ዕቃ የሃይድሮጅን ቅንጣቶችን 80,000 ኤሌክትሮን ቮልት ጉልበት ላይ አደረሳቸው። እ.ኤ.አ. በ1940 ማርቲን ኬመንና ሳሙኤል ሩበን፣ በዚያው በርክሌይ ባደገው ሳይክሎትሮን ግራፋይት (የእርሳስ ውስጡን ዓይነት ካርቦን) ደብድበው ካርቦን 14ን አገኙት። ከዚያ በፊት እንዲህ ያለ ካርቦን ቢኖር ዕድሜው በሰዓታት፣ ቢበዛ በወራት ይሆናል ተብሎ ይገመት ነበር። ሺህ ዓመታት ሆኖ ተገኘ። ዊላርድ ሊቢ እ.ኤ.አ. በ1949 ይህንኑ ዕድሜ መለኪያ አደረገው፤ በ1960 ኖቤል ተሸለመበት።

ለቅሶ እየቆጠሩ ሕዝብ መቁጠር

የሊቢ ዘዴ ግን ለየኔታ ወንጌል አይሆንም ነበር። በአንድ ግራም የዛሬ ካርቦን ውስጥ 60 ቢሊዮን ያህል የካርቦን 14 አቶሞች አሉ። በአንድ ደቂቃ የሚፈራርሱት 14 ገደማ ናቸው። ሊቢ መቁጠር የሚችለው የሚፈራርሱትን ብቻ ነበር። አንድ ወረዳ ስንት ሕዝብ እንዳለው ለማወቅ የእድር ጥሩምባ ስንት ጊዜ እንደተነፋ እያዳመጡ መገመት ማለት ነው። ወረዳው ትልቅ ከሆነና ብዙ ከታገሡ ይቻላል። ለአሥር አባወራ መንደር ግን ስንት ዓመት ጥሩምባ ይጠበቃል? ስለዚህ ሊቢ በግራም የሚመዘን ብዙ ካርቦን ይፈልግ ነበር። በብራና ሲታሰብ ይህ ቅጠል መቅደድ ነው። ቤት ለቤት ሄዶ በሕይወት ያለውን አንድ በአንድ የሚቆጥር ያስፈልግ ነበር።

እ.ኤ.አ. በ1977 ያንን ቆጣሪ ያገኙት የኒውክለር ፊዚክስ ሰዎች ናቸው። በርክሌይ ውስጥ ሪቻርድ ሙለር ሳይክሎትሮንን ለዚህ መጠቀም እንደሚቻል ጻፈ። በዚያው ዓመት ሮቸስተር ዩኒቨርሲቲ ላይ የአሜሪካና የካናዳ ተመራማሪዎች ታንደም በሚባለው አክስለሬተር የካርቦን 14 አቶሞችን አንድ በአንድ ቆጠሩ። ታንደም የተሠራው ኒውክለሶችን ለማጋጨት ነው፤ በዚያ ጊዜ ትላልቆቹ ማሽኖች በኪሎ ሜትር ይለኩ ስለነበር እሱ ፋሽኑ እያለፈበት ነበር። አስተማሪ ነኝና አሠራሩን ሳልናገር አላልፍም።

ናሙናው ይቃጠላል፤ ጋዙ ወደ ግራፋይት ይለወጣል። ግራፋይቱ ሲዚየም በሚባል ብረት አቶሞች ሲደበደብ የካርቦን አቶሞች አንድ ትርፍ ኤሌክትሮን ይዘው፣ አሉታዊ ሆነው ይወጣሉ። በማሽኑ መሃል በሚሊዮን ቮልት የሚቆጠር አዎንታዊ ሙል አለ፤ ይስባቸዋል። እዚያ ሲደርሱ በስስ ጋዝ ወይም በስስ ሽፋን ውስጥ ያልፋሉ፤ ኤሌክትሮኖቻቸው ይገፈፋሉ፤ አዎንታዊ ይሆናሉ። የሳባቸው ቮልቴጅ አሁን ዞሮ ይገፋቸዋል። በአንድ ቮልቴጅ ሁለት ጊዜ መፍጠን! ከዚያ ማግኔት እንደየክብደታቸው መንገዳቸውን ያጥፋል፤ በመጨረሻ የቆመው መቁጠሪያ አንድ፣ ሁለት፣ ሦስት ይላል።

ዋናው ችግር ናይትሮጅን ነው። ናይትሮጅን 14 ከካርቦን 14 ጋር ክብደቱ አንድ ነው ማለት ይቻላል፤ በአየርም፣ በብራናም፣ በማሽኑ ግድግዳም አለ። በትሪሊዮን ካርቦን መካከል አንድ ካርቦን 14 ለሚፈልግ ሰው ይህ የሞት ፍርድ ይመስላል። ግን ናይትሮጅን ትርፍ ኤሌክትሮን መያዝ አይችልም፤ አሉታዊ ሆኖ አይቆይም። ስለዚህ በሩ ላይ ይቀራል። ካርቦን 14ን በክብደት የሚመስሉት ሞለኪውሎችም ኤሌክትሮናቸው ሲገፈፍ ይበታተናሉ። ተፈጥሮ እንዲህ ሆና ባትገኝ ኖሮ የጥፍር ቁራጩ ታሪክ የለም። ዛሬ አንድ ሚሊ ግራም ካርቦን ይበቃል፤ ከዚያ ያነሰም ይሠራል።

«ከ330 እስከ 650? ይኼ እኮ ከእኛ አይሻልም!»

ሌላ ቀን ቤታቸው ሄጄ የአባ ገሪማ ወንጌላትን ነገር አነሣሁባቸው። አድዋ አጠገብ ባለው ገዳም ያሉትን ሁለት ወንጌላት ብዙ የጥበብ ታሪክ ምሁራን በ11ኛው ክፍለ ዘመን አካባቢ የተጻፉ አድርገው ይቆጥሯቸው ነበር። ገዳሙ ግን አባ ገሪማ ራሳቸው፣ ከዘጠኙ ቅዱሳን አንዱ፣ በአንድ ቀን እንደጻፏቸውና ጽፈው እስኪጨርሱ ፀሐይ እንደቆመችላቸው ይናገራል። ከብራናው የተገኙ ጥቃቅን ቁርጥራጮች ኦክስፎርድ በሚገኘው አክስለሬተር ሲለኩ እ.ኤ.አ. ከ330 እስከ 650 ባለው ዘመን ውስጥ ወደቁ። ማሽኑ ስለ ፀሐይዋ የሚለው የለም፤ ስለ ዘመኑ ግን ከምሁራኑ ይልቅ ወደ መነኮሳቱ አደላ።

ደስ የሚላቸው መስሎኝ ነበር። የኔታ ግን ቁጥሩን ይዘው ቀሩ። «ከ330 እስከ 650? ይኼ እኮ ከእኛ አይሻልም! እኛም ‘በዚያ ግድም’ ነው የምንል።» ሳቅን። ከዚያ በየዓመቱ በአየር ውስጥ ያለው ካርቦን 14 እኩል እንዳልሆነ፣ የዛፍ ውስጥ ዓመታዊ ቀለበት እየተቆጠረ እንደሚታረም፣ መልሱም አንድ ዓመት ሳይሆን ከዚህ እስከዚህ ሆኖ እንደሚመጣ አስረዳኋቸው። «ድንበሩን የሚያውቅ ምስክር» አሉ፤ ማመስገናቸው ይሁን ማሾፋቸው አልለየሁም። ቅኔ የተማረ ሰው ዘንድ ይህን መለየት ከባድ ነው።

ከዚያ ግን ወደ ፍየሏ መለሱኝ። ብራና ተዘጋጅቶ ሊቀመጥ ይችላል። ይባስ ብሎ ብራና ሲቸግር የድሮው ጽሑፍ ተፍቆ አዲስ ይጻፍበታል፤ ያኔ ቆዳው የአያት፣ ቃሉ የልጅ ልጅ ነው። «ማሽንህ ይኼን ይለያል?» ካርቦን ቆጣሪው አይለይም። ታዲያ ገሪማ ላይ ለምን እናምነዋለን? እኔ ያልኩት፦ ብራና ውድ ነው፤ ለአንድ ወንጌል ስንት ፍየል ይታረዳል፤ ያን ሁሉ ቆዳ አዘጋጅቶ ለዘመናት የሚያስቀምጥ የለም። እሳቸው ጨመሩበት፦ «አይጥም አለ፤ ብልም አለ። የፋቀ ሰው ይጽፍበታል።» ሥዕሉና የፊደሉ ቅርጽም ከሌላ ወገን ይመሰክራሉ። ፍየሏን ከመጽሐፉ ጋር የሚያገናኘው ድልድይ እንግዲህ ይህ ነው፤ ድልድዩን የሠራው ግን ማሽኑ አይደለም። ሰው ነው፣ ሙያ ያለው ሰው።

ማንም ያላየው ቅንጣት

ይህ ነገር ከብራና አልፎ ወደ ሥራዬ ገባብኝ። ለ12ኛ ክፍል ልጆች በጄኔቭ አጠገብ፣ በስዊዘርላንድና በፈረንሳይ ድንበር ሥር ስላለው የሰርን (የአውሮፓ የቅንጣት ፊዚክስ ቤተ ሙከራ) 27 ኪሎ ሜትር ዙሪያ ያለው አክስለሬተር ሳስተምር፣ «እ.ኤ.አ. ሐምሌ 4 ቀን 2012 የሂግስ ቅንጣት ተገኘ» ብዬ አልፍ ነበር። አሁን አንድ ልጅ «አዩት እንዴ?» ብሎ ቢጠይቀኝ የኔታ ክፍሉ ውስጥ የተቀመጡ ይመስለኛል።

አላዩትም። ሂግስ ከተወለደ በኋላ አንድ ሰከንድን ለትሪሊዮን ከፍሎ፣ ያንን ቁራጭ እንደገና ለቢሊዮን ከፍሎ በሚገኝ ቅጽበት ውስጥ ይፈርሳል። በማሽኑ ውስጥ በሰከንድ እስከ አንድ ቢሊዮን የፕሮቶን ግጭት ይካሄዳል፤ ሂግስ የሚፈጠረው በግምት ከአንድ ቢሊዮን ግጭት በአንዱ ነው። መሣሪያዎቹ የሚያዩት ሁለት የብርሃን ቅንጣቶችን ወይም አራት ኤሌክትሮንና ሙዮኖችን (የኤሌክትሮን ከባድ ዘመዶችን) ነው። ሁለት የብርሃን ቅንጣት ደግሞ ከሂግስ ብቻ አይመጣም፤ ከሌላ ብዙ ነገር ይመጣል። የለኩት ሬሳውን ነው፤ የሚናገሩት ስለ ሟቹ ነው።

ልዩነቱ ያለው ድልድዩን በሚሠሩበት መንገድ ላይ ነው። አትላስና ሲኤምኤስ የሚባሉ ሁለት መሣሪያዎች፣ በተለያዩ ሰዎች ተሠርተው፣ በየፊናቸው ለኩ። የሌላኛውን መልስ ሳይሰሙ ሁለቱም በለኩት ቁጥር ግራፍ ላይ 125 ጊጋ (ቢሊዮን) ኤሌክትሮን ቮልት አካባቢ ጉብታ አዩ። «ተገኘ» ለማለት የተስማሙበት መስፈርት፣ ሂግስ ባይኖር ኖሮ ያ ጉብታ በአጋጣሚ የመታየቱ ዕድል ከ3.5 ሚሊዮን አንድ ያነሰ እንዲሆን ነው። እዚህ ላይ ፊዚክስ ከታሪክ ይልቅ ዕድለኛ ነው፤ ግጭቱን ደጋግሞ ማካሄድ ይችላል። ፍየሏን ግን ደግሞ ማረድ አይቻልም።

የመምህራን ማረፊያ ክፍል ውስጥ አንድ የሥራ ባልደረባዬ ስለዚህ ማሽን ሳወራ ሁሌ «ላም አለኝ በሰማይ፣ ወተቷንም አላይ» ይለኛል። ብዙ ሰው የሚመልስለት ዌብ የተፈለሰፈው እዚያው ሰርን ውስጥ ነው በሚል ነው። እውነት ነው፤ ቲም በርነርስ ሊ እ.ኤ.አ. በ1989 ያቀረበው እዚያ ነው። ይህን መከራከሪያ ግን አልወደውም። ትልቅ ጥያቄን በትርፍራፊው ማስከበር ይሆንብኛል፤ ትርፍራፊውም በሌላ ቦታ ሊገኝ ይችል ነበር። ካርቦን 14 ግን እንዲያ አይደለም። ኒውክለስ ውስጥ ምን አለ ብለው ሲጠይቁ ነው የወጣው፤ የቆጠሩትም በዚያው ጥያቄ መሣሪያ ነው። ለባልደረባዬ ይህን ስነግረው «የመጽሐፍ ዕድሜ ዳቦ ይሆናል?» አለኝ። ለዚህኛው እስካሁን መልስ አላዘጋጀሁም።

ጥላሸት

የተፋቀው ብራና ጉዳይ አልለቅ ሲለኝ ሌላ አክስለሬተር ትዝ አለኝ። ኤሌክትሮኖች በክብ መንገድ ሲታጠፉ ብርሃን ይረጫሉ። ለቅንጣት ፊዚክስ ሰዎች ይህ የጉልበት ብክነት ነበር፤ ሌሎች ግን ብርሃኑን ራሱን ፈለጉት፤ ሲንክሮትሮን የሚባሉት ማሽኖች ለዚሁ ተሠሩ። በ10ኛው ክፍለ ዘመን የተገለበጠ የአርኪሜድስ መጽሐፍ ነበር፤ በ13ኛው ክፍለ ዘመን ተፍቆ ጸሎት ተጽፎበታል። እ.ኤ.አ. ከ2005 ጀምሮ ስታንፎርድ ውስጥ በሲንክሮትሮን ኤክስሬይ ሲታይ፣ በተፋቀው ቀለም ውስጥ የቀረው ብረት አበራና በዐይን የማይታዩ መስመሮች ተነበቡ።

ይህን ስልክ ደውዬ ለየኔታ ነገርኳቸው። መጀመሪያ የጠየቁኝ «ቀለማቸው ምን ነበር?» ብለው ነው። ብረት ያለበት ነው አልኳቸው። «የእኛ ጥላሸት ነው» አሉ። ልክ ናቸው። ጥላሸት ካርቦን ነው፤ ብራናውም ካርቦን የበዛበት ነው፤ ያ ኤክስሬይ ሁለቱን ለመለየት የሚይዘው ነገር የለውም። ጥቂት ቆይተው ግን እኔ ያልደረስኩበት ቦታ ደረሱ፦ «ጥላሸቱ ካርቦን ከሆነ፣ እሱንስ ለምን አትቆጥሩትም? መጽሐፉን የሠራው እኮ ቀለሙ ነው።»

በሐሳብ ደረጃ ይቻላል። የዛሬ ማሽኖች ከሚሊ ግራም በብዙ ያነሰ ካርቦን ይለካሉ። የሚከብደው ከአንድ ፊደል ላይ ጥላሸቱን ብቻ፣ ከሙጫውና ከቆዳው ለይቶ ማንሳት ነው፤ ለዚያ ደግሞ ፊደሉ ይጠፋል። ጥላሸቱስ ከምን እንጨት ወጣ? ያረጀ ግንድ ከነደደ የመሃሉ ካርቦን ከዳሩ በመቶ ዓመት ሊበልጥ ይችላል። ይህን ስላቸው «ጭራሮ ነው የምናነድ» አሉ፤ ጭራሮ ከሆነ ነገሩ ተሻለ፤ ዕድሜው የጥቂት ዓመት ነው።

ሰበካ ጉባኤው ስለ ቁራጯ ገና አልወሰነም፤ ከወሰነም የቅርስ ፈቃድ ይከተላል። ኦክስፎርድ ድረስ መሄድ ግን ግድ አይደለም፤ ጆሃንስበርግ ውስጥ ኢቴምባ የሚባለው ቤተ ሙከራ በታንደም ካርቦን 14 ይቆጥራል። ከየኔታ ጋር የተስማማነው ከየት እንደሚቆረጥ ብቻ ነው። ጣት የበዛበት ዳር አይሆንም። ጧፍ የተንጠባጠበበትም አይሆንም፤ ሰሙ የንብ ከሆነ የቅርብ ዘመን ካርቦን ይጨምርና ብራናውን ወጣት ያስመስለዋል። የሱቅ ሻማ ከሆነ ደግሞ ይብሳል፤ እሱ ከድፍድፍ ነዳጅ የሚወጣ ነው፣ ካርቦን 14 የለውም፣ መጽሐፉን ያለ ዘመኑ ያስረጀዋል። ያልተጻፈበትና ሰም ያልነካው ቅጠል ካለ እሳቸው ያውቁታል፤ ጥራዙ ሲላላ ፈተው እንደገና የጠረዙት እሳቸው ናቸው።